የሚታጠብ ፊልም

ኪዮቶ፣ ከወንዙ ማዶ፣ ከቶፉ ሻጩ ቤት ጀርባ፣
አለች አንዲት ጠባብ ክፍል፣ ዝናብ በጣሪያዋ የሚገባ፤
ካሜራው ከጣውላ ላይ አንገቱን ወደ ታች ደፍቶ፣
እንደ ራበው ሳቢሳ ወፍ፣ የሥዕል ኩሬ አይቶ።

ቶኩጂ ይሥላል፤ ኪኖዬ ታጥባለች።
ሴሉሎይድ ውድ ነው፤ ያንዱ ቅጠል ዋጋ
ከአንድ ቁና ሩዝ ጋር ይፎካከራል።
ዛሬ ካሜራ ያየው ለነገ አዲስ ይሆን ዘንድ፣
ትፍቀዋለች፣ ታለቀልቀዋለች፣ ትሰቅለዋለች በገመድ።
ስንት ጥንቸል አለፈ በዚያች ሳፋ!
ስንት ጨረቃ ከጣቷ ሥር ጠፋ!

ዘንድሮ የያዙት ተረት እንስሳት ፊልም ሲሠሩ ነው።
አያ ታኑኪ፣ ቀበሮ ሲሉት ውሻ፣ ውሻ ሲሉት ቀበሮ፣
ሆዱ የተወጠረ ከበሮ፣
የሣር ባርኔጣ ደፍቶ "እኔ ነኝ አዛዡ" ይላል።
እመት ጦጢት (የዚያ አገር ጦጣ ጭራዋ ጉራጅ ነው)
የካሜራውን እጀታ በእግሯ ትዘውራለች፣
በእጇ መንደሪን ትልጣለች።
ኤሊ መብራቱን በጀርባው ተሸክሟል፤
አይቸኩልም፣ ጥላው አይንቀጠቀጥም ተብሎ።
ቀበሮ መስተዋት ፊት ሦስት ቀን ተኳለች፣
ምን እንደምትሆን ገና ሳይነገራት።
ጥንቸል "ጀምር!" ብሎ ሁለቱን ጣውላ ሲያጋጭ
ጆሮው መሃል ገባ፤
ሰባት ጊዜ ደገሙት፣
ሰባቱንም ጊዜ ጆሮው ገባ።

"ስለ ምን ይሁን ፊልማችን?" አለ ታኑኪ ሆዱን እየመታ።
"ስለ ሰው!" አሉ ባንድ አፍ፤ "ከሱ ወዲያ ምን አለ ጨዋታ?"

በመከር ማግስት ኪኖዬ ቆጠረች፤
ሠላሳ ስምንት ቅጠል ጎደለ።
ሳጥኑን ፈተሸች፣ ምንጣፉን ገለጠች።
"ሽጦ ጠጣበት" አለች በሆዷ፤
በአፏ ግን "አይጥ ይሆናል" አለች።
እሱም "ይሆናል" አለ፣ እርሳሱን እየቀረጸ።

ፊልሙ የታየ ለት፣ በሸማኔዎች ሰፈር፣
ልጆች እንደ አንበጣ ሞሉት እስከ በር።
ድምፅ ለሌለው ሥዕል አፍ የሚሆነው ሬይዛን፣
ጉንፋን ይዞት፣ ሳኬውን በመድኃኒት ስም ጨልጦ፣
የታኑኪን ድምፅ ከሆዱ፣ የጦጢትን ካፍንጫው አወጣ።
ጆሮው ሲገባ አዳራሹ ተናጋ።

ከዚያ እንስሳቱ ከዛፍ ላይ አንሶላ ሰቀሉ፣
መብራት አጠፉ፣ የራሳቸውን ፊልም ሊያዩ ቁጭ አሉ።
ባንሶላው ላይ አንዲት ሴት፦
እጅጌዋን በገመድ አስራ፣ ከሳፋ ፊት ተንበርክካ፣
አንድ የጠራ ነገር ታጥባለች፣ ደጋግማ፣ በልክ፣ በልክ።
ቀበሮ ናት ሴት የሆነችው፤
ከኪሞኖዋ ሥር ጭራዋ ወጥቷል።
"ጭራዋ! ጭራዋ!" አሉ ልጆቹ።

ኪኖዬ አልሳቀችም።
በልጅነቷ ምድጃ የበላት ትንሿ ጣቷ
አትታጠፍም፤ ስትሠራ ብቻዋን ቀና ትላለች።
የቀበሮዋም ጣት ቀና አለች።
ማን ነገራት?

ሬይዛን ለዚህ ቦታ ያዘጋጀው ቃል አልነበረም።
አንድ ትንፋሽ ዝም አለ፤ የማሽኑ ጥርስ ብቻ ተሰማ።
ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ
"አጣቢዋም" አለ፣ "አንድ ቀን ትታጠባለች።"
ልጆቹ ይህንንም ቀልድ አደረጉት።

በማግስቱ ቶኩጂ፣ በጋዜጣ ጠቅልሎ፣ ሠላሳ ስምንቱን አመጣ፤
"ለጥርስ ዱቄት ማስታወቂያ ያስፈልጋሉ" ብሎ፣ ቀና ሳይል ወጣ።
ጭራዋን አጠበች፤ እጅጌዋን፤ ሳፋውን በሳፋ ውስጥ፤
ትንሿን ጣት መጨረሻ ላይ።
ውሃው ጠቆረ። ደፋችው። ሌላ ቀዳች።

ማስታወቂያው ላይ ጥንቸል ጥርሱን ሲያሳይ
በፊቱ ላይ ቀጭን መስመር አለፈ፣
እንደ ጭረት፣ እንደ ፀጉር፣ ቀና ያለ።
"ይሄ ምንድን ነው?" አሉ የዱቄቱ ባለቤት።
"አቧራ ነው" አለ ቶኩጂ።
ከዋጋው ላይ ሁለት የን ተቀነሰ።